የቁም ተዝካሬና የአየርላንዱ ቀራፂ

በሰበታ ስለ እኔ ሦስት ዓይነት ወሬ ይወራል። አንዱ፣ መናገሻ ዛፍ ወድቆብኝ ሞቼ በአራተኛው ቀን ተነሣሁ ይላል። ሁለተኛው፣ ከሠርጌ ለማምለጥ የሞትኩ መሰልኩ ይላል። ሦስተኛው፣ ፈረንጅ ነፍሴን ድንጋይ ውስጥ ከትቶ ወደ አገሩ ጫናት ይላል። ሦስቱም ውሸት ነው። እኔ ፊደል ቆጥሬ ዳዊት ደጃፍ ላይ ስደርስ ነው የተውኩት፣ ጽሕፈቴም እንደ እጄ ሻካራ ነው። ግን ሞተ የተባልኩት እኔ ስለሆንኩ ነገሩን ከእኔ የተሻለ የሚያውቅ የለም። አውቃለሁ የሚል ካለ ይምጣ።

በጃንሆይ ጊዜ ነው። ከሰበታ ወጣ ብሎ በጅማ መንገድ ዳር አንድ የድንጋይ ካባ ነበር፣ እኔ እዚያ ጠራቢ ነበርኩ። ለአዲስ አበባ ቤቶች የማዕዘን ድንጋይ እንጠርባለን። አንድ ቀን ፍንጣሪ ተስፈንጥሮ አፍንጫዬን አጣመመው፣ ሌላ ቀን ሌላ ፍንጣሪ የግራ ጆሮዬን ጫፍ ይዞ ሄደ። እነዚህን ሁለቱን ልብ በሉልኝ፣ ኋላ ጉድ ያመጡት እነሱ ናቸው።

ፈረንጁ የመጣው በአንዲት አሮጌ ቮልስ ነው። ወርዶ ለማንም ሰላም ሳይል ድንጋዮቹን በጣቱ ማንኳኳት ጀመረ። ያንኳኳና ጆሮውን ይለጥፋል። ቀጥሎ አንዱን ድንጋይ ላሰው። አለቃችን "አሞሌ መስሎት ይሆን?" አለ። ድንጋይ ሲረጥብ መስመሩና ስንጥቁ ይታያል። እኛ በውኃ እናረጥበዋለን፣ እሱ በምላሱ። ሌሎቹ ሲስቁ እኔ ሥራ የሚያውቅ ሰው ነው አልኩ።

አዲስ አበባ አንድ ትምህርት ቤት ሥዕል ያስተምራል። አማርኛውን ከዘበኛው፣ ኦሮምኛውን ከወተት ሻጯ ነው የተማረው፣ ሁለቱን ቀላቅሎ ነው የሚያወራው። አንተና አንቱ ማለት ደግሞ ጭራሽ አያውቅበትም። አለቃችንን "አንተ፣ ና" ይለዋል። የካባውን አህያ ግን "እባክዎ ይለፉ" ይላታል። አህያዋም ታልፍለታለች። እኛን በዱላ እንኳ ሰምታን አታውቅም።

ከካባው አጠገብ የነበረ የቆርቆሮ መጋዘን ተከራየና ከእኔ ቁመት የሚበልጥ አንድ ድንጋይ አስገባ። ከሥራ ስወጣ እየገባሁ አየዋለሁ። አንድ ቀን ጠየቅኩት።

"ሚስተር፣ የየት አገር ሰው ነዎት? እንግሊዝ ነዎት?"

መሮውን አስቀመጠ። ፊቱ ድልህ መሰለ። "አየርላንድ" አለ። "እንግሊዝ ጎረቤት ነው። ስንት መቶ ዓመት ቤታችን ገብቶ አልወጣም ያለ ጎረቤት።"

"አሁንስ ወጣ?"

"ከብዙው ክፍል ወጣ። አንዷን ጓዳ ይዞ ቀረ።"

"እኛ ጣሊያን አምስት ዓመት ተቀምጦብን ነው እንዲህ የምናወራው" አልኩት። እንግዲህ በዚህ ተግባባን።

ስለ አገሩ ቀራፂዎች ሲያወራ አያባራም ነበር። እኔም ሙያዬ ስለሆነ እሰማዋለሁ።

"እንግሊዝ ሲወጣ" ይላል፣ "ንጉሦቹን በድንጋይና በነሐስ ፈረስ ላይ እንዳስቀመጠ ጥሏቸው ሄደ። አደባባዩ ሁሉ የእሱ ንጉሥ። አንዳንዱን በገመድ ጎተትነው፣ አንዳንዱን በባሩድ። ከዚያ አደባባዩ ባዶ ሆነ። ያን ጊዜ አገሩ በሙሉ ቀራፂ ጥሩ አለ።"

"ትልልቅ ሰዎች ናችኋ።"

"በጣም። መንግሥት የሞቱ አርበኞችን ሥሩልኝ ይላል። ቄሶች ቅዱሳንን ሥሩልን ይላሉ። ሕዝቡ ደግሞ ገጣሚዎቻችንን ሥሩ ይላል። ገጣሚው በሕይወቱ ራት የጋበዘው የለም፣ ሲሞት ሁለት ሜትር የነሐስ ካፖርት ይሰፋለታል።"

"ለቀራፂውስ ራት ይሰጡታል?"

"ለቀራፂው ኮሚቴ ይሰጡታል።"

ኮሚቴ ምን እንደሆነ ያን ጊዜ አላውቅም። አስረዳኝ። ዘጠኝ ሰዎች ተሰብስበው ቅዱሱ ጫማ ያድርግ ወይስ በባዶ እግሩ ይሁን ብለው ሁለት ዓመት ይከራከራሉ። ተስማምተው ሲያበቁ ምስሉ ይቆማል። በምረቃው ቀን የሟች አርበኛ ሚስት ትመጣና አፍንጫው የባሌ አይደለም ትላለች።

"አፍንጫው የሱ ካልሆነማ እውነቷን ነው" አልኩት።

"የሱ ነው" አለ ተቆጥቶ። "እሷ ነች የረሳችው።"

በአገሩ በየዓመቱ ቀራፂዎች ሁሉ ሥራቸውን የሚያሳዩበት አዳራሽ አለ። ሰው እየዞረ ያያል፣ ጋዜጣ ይሳደባል፣ ቄስ ይገስጻል፣ የከተማው ሰው ሻይ ቤት ተቀምጦ ሲከራከር ይከርማል። እሱም ለዚያ የሚሆን ይዞ ሊሄድ አስቧል። አርበኛም ቅዱስም ሰልችቶኛል፣ ድንጋይ ጠራቢ ነው የማቆመው አለ። ያለ ጠራቢ የትኛው ቅዱስ ይቆም ነበር?

ይህን የሰሙት የነፍስ አባቴ አንድ ቀን መስቀላቸውን ይዘው መጋዘኑ በር ላይ ቆሙ። በእኛ ቤተ ክርስቲያን ቅዱሳን ይሣላሉ እንጂ አይጠረቡም።

"ልጄ፣ ቅዱስ ነው የምትጠርበው?" አሉት።

"አይደለም፣ አባ" አለና በመሮው እኔን አመለከተ። "ይሄን ነው።"

ቄሱ ከላይ እስከ ታች አዩኝና "እንግዲያስ ምንም የለበትም" ብለው ሄዱ።

ሰባት ወር ቆምኩለት። መዶሻ በቀኝ፣ መሮ በግራ። እኔ እጅ አያያዜን ብቻ የሚያይ መስሎኝ ነበር። ቀና በል ይለኛል፣ አንገቴን ያመኛል እለዋለሁ። ዝም በል ይለኛል፣ ዝም የምል ቢሆን ድንጋይ ሆኜ እመጣልህ ነበር እለዋለሁ። ስቆምለት የድንጋዩ ጀርባ ነው ወደ እኔ የሚዞረው፣ ማታ ማታም በሸራ ስለሚሸፍነው ፊቱን አላየሁትም። እውነቱን ልናገር፣ ገልጬ ለማየትም አልሞከርኩም። የሰው ሥራ ሳያልቅ መግለጥ ነውር ነው።

በዚያው ዘመን የፉሪ ገበሬ ልጅ አጭቼ ነበር። አባቷን ሰው ሁሉ ኦቦ ነው የሚላቸው፣ እኔም እንደዚያው። ሠርጉ ዐቢይ ጾም ከመግባቱ በፊት ባለው እሑድ ተቆረጠ። ጎጆዬ ማገርና ወጋግራ ጎደለውና ካባው ሥራ ባቆመበት ሰሞን ሁለት አህያ ይዤ እንጨት ፍለጋ ወደ መናገሻ ሄድኩ። ለሁለት ቀን ብዬ አራት ቀን ቆየሁ።

እኔ በሄድኩ ማግስት ፈረንጁ ሥራውን ጨረሰ። በግንድ እያንከባለሉ አውጥተው መንገድ ዳር አቆሙለት፣ ሸራውን ገፎ ፎቶ አነሣና የጭነት መኪና ፍለጋ አዲስ አበባ ገባ። መጋዘኑን ቆልፎ፣ የድንጋዩን እኔን እንደቆምኩ ትቶኝ። በማግስቱ ደግሞ የገበያ ቀን ነው።

እንግዲህ የእኛን አገር ነገር ላስረዳ። በየኮረብታው የድሮ ጦረኞች መቃብር አለ፣ ሰውየው ከነጦሩ፣ ከነፈረሱ ድንጋይ ላይ ተቀርጾ። አዲስ አበባ አደባባይ ላይ በነሐስ የተቀመጡትም ሞተው ነው። በሕይወት ያለ ሰው ፎቶ ይነሣል። ፊቱ በድንጋይ የወጣ ሰው ግን ሞቷል፣ ሌላ ትርጉም የለውም። ገበያተኛው ሲያልፍ እኔን አየ። አፍንጫዬ ጠማማ፣ ጆሮዬ ቁራጭ። ዓይኔ ክፍት ሆኖ አያይም። እኔ ደግሞ አገር ውስጥ የለሁም። የት ሄደ? መናገሻ፣ እንጨት ሊቆርጥ። አልተመለሰም? አልተመለሰም። ከዚያ በኋላ ያለውን ወሬው ራሱ ጨረሰው።

በአራተኛው ቀን እንጨቴን ጭኜ ስመጣ ደጃችን ድንኳን ተተክሏል። እናቴ ሞተች ብዬ አህዮቹን ትቼ ሮጥኩ። ቀረብ ስል የእናቴ ድምፅ ነው ከሁሉ በላይ የሚጮኸው። ተመስገን አልኩ። ጋቢዬን አዘቅዝቄ፣ ፊቴን ተከናንቤ ከኋላ ወንበር ላይ፣ ከማላውቀው ሰው አጠገብ ተቀመጥኩ።

"ማን ነው የሞተው?" አልኩት በዝግታ።

"የሴትዮዋ ልጅ" አለኝ።

እናቴ ያለችው አንድ ልጅ ነው፣ እሱም እኔ ነኝ። ለካ ሌላ ልጅ ነበራት ብዬ አሰብኩ። እስከዚህ ዕድሜዬ ድረስ ወንድም እንዳለኝ ሳልሰማ፣ ሳላየው ሞተ። እንባዬ መጣ። ለወንድሜ አለቀስኩ። ሰውየውም አጽናናኝ።

"ደግ ልጅ ነበር አሉ" አለኝ። "ሠራተኛ። ለእናቱ አዛኝ።"

"እህህ" አልኩ።

"ክፋቱ ግን ግትር ነበር አሉ። ተው ይህ ዛፍ ወዳንተ ያዘነብላል ሲሉት፣ አያዘነብልም ብሎ ሲከራከር ነው የወደቀበት።"

ዛፍ፣ ግትር ሲል አንድ ነገር ጆሮዬ ውስጥ አቃጨለ። "የት ነው ዛፉ?"

"መናገሻ። የካባው ጠራቢ ነበር፣ መቃብሩ መንገድ ላይ ቆሞ የለም እንዴ?"

ተነሣሁ። "ማን ነው ያዘነብላል ያለኝ?" አልኩ። "ይምጣ፣ ፊት ለፊቴ ይናገር። እኔ በሕይወቴ ያዘነበለ ዛፍ ቆርጬ አላውቅም።"

ሙሾ አውራጇ አፏን ከፍታ ቀረች። ሁለት ሰዎች በድንኳኑ ጥግ ሾልከው ወጡ። እናቴ ብቻ ናት ያልደነገጠችው። እንባዋን ጠረገችና "እሱ ነው" አለች። "ለቅሶው ላይ እንኳ ክርክር አልተወም።"

ያን ለት ሳቅና እልልታ ሆነ። ነገሩ ያለቀ መሰለኝ። በማግስቱ ኦቦ ከፉሪ መጥተው ድንጋዩ ዘንድ አስጠሩኝ። ምርኩዛቸውን ይዘው ከድንጋዩ ፊት ለፊት ቆመዋል። ሰላምታ ስሰጣቸው መጀመሪያ ድንጋዩን፣ ቀጥሎ እኔን አዩ።

"የገበያው ቀን በዚህ ሳልፍ አካም ጅርታ ብዬ ሰላም አልኩት" አሉ። "ዝም አለኝ። ምን ያለ ባለጌ አማች ነው የመጣብኝ ብዬ ተቆጥቼ ቀረብኩ። ከዚያ ነው ድንጋይ መሆኑን ያየሁት። ልጄ መበለት ሆነች ብዬ ከዚህ እስከ ፉሪ እያለቀስኩ ሄድኩ።"

"ይኸው አለሁ፣ ኦቦ።"

"ለቅሶህ ላይ ፊቴን ነጭቻለሁ። መቃብርህ ቆሟል። ለቅሶህ ተለቅሷል። ልጄን ለሞተ ሰው አልሰጥም።"

"ቆሜ እያናገርኩዎት?"

"አንተ ትቆማለህ፣ ትቀመጣለህ" አሉ። "ይሄ ግን መቆሙን አልተወም። ሞት በዚህ ሲያልፍ ቢያየው፣ ይሄን ሰው ረስቼዋለሁ ለካ ብሎ ይመለሳል። ሠርጉ ማግስት ቢመለስስ? ይሄን ነገር አጥፋ። ካልሆነ ቡራዩ ወፍጮ ቤት ያለው ሰው ሁለት ጊዜ ሽማግሌ ልኮብኛል።"

ያን ሰውዬ አውቀዋለሁ። ቅንድቡ ላይ ዱቄት የማይጠፋ፣ ወፍጮው ሲቆም እንኳ እየጮኸ የሚያወራ ሰው ነው። ጾሙ ሊገባ የቀረው አሥራ ሁለት ቀን ነው። ጾም ከገባ ሠርግ የለም፣ እስከ ዳግማይ ትንሣኤ ደግሞ የወፍጮው ሽማግሌዎች ሦስተኛ ጊዜ ይመጣሉ። ልጅቷ በእናቴ በኩል መልእክት ላከችብኝ። መልእክቷ "እሑድ የሚመጣው የትኛው ነው?" የሚል ነው። እናቴ በጣም ሳቀች። እኔ አልሳቅኩም።

በቀጥታ መዶሻዬን ይዤ ሄድኩ። ፈረንጁ ከአዲስ አበባ ተመልሶ መጋዘኑ በር ላይ ተቀምጦ ፒፓውን ያጨሳል። የሆነውን ሁሉ ነገርኩትና ልሰብረው ነው የመጣሁት አልኩ። አልተነሣም።

"በአገሬ ሥራዬን ሊሰብሩ ሦስት ሰዎች መዶሻ ይዘው መጥተው ያውቃሉ" አለኝ። "መዶሻ አያያዝ የሚያውቅ ግን የመጀመሪያው አንተ ነህ።"

መዶሻውን አነሣሁ። ከአፍንጫው ልጀምር ብዬ ቀረብኩ። ያን ጊዜ ነው ደህና አድርጌ ያየሁት። የድንጋዩ ሰው መሮውን የያዘበት እጅ፣ አውራ ጣቱ ላይ ያለችው ጠባሳ፣ የጆሮው ቁራጭ፣ ሁሉም አለ። መሮው ያረፈበት ዱካ እንኳ አንድ ቦታ አልተንሸራተተም። እኔ ለሰው ቤት ማዕዘን ስጠርብ ዕድሜዬን የጨረስኩ ሰው ነኝ፣ የድንጋይ ሥራ ምን ማለት እንደሆነ ማንም አይነግረኝም። እጄ አልወርድ አለ። መዶሻውን መሬት አስቀምጬ ከፈረንጁ ጎን ተቀመጥኩ።

"እንዲህማ ከሆነ አልሰብረውም" አልኩ። "ሌላ ነገር ታደርግልኛለህ። ሽማግሌዎች አስቀምጣለሁ። አንተ ይሄ ምስል እሱን አይመስልም በል። እኔን ካልመሰለ መቃብሬ አይደለም።"

ፒፓውን ከአፉ አወጣ። "ዕድሜዬን ሙሉ ኮሚቴውም መበለቷም አይመስልም ሲሉኝ ኖሬ፣ አሁን ራሴ አይመስልም ልበል?"

"አንዲት ቃል ናት።"

ፒፓውን ጫማው ላይ አራገፈ። "ለሠርግህ ስል እላለሁ" አለ። ፊቱ ሲያዩት ጥርስ ሊነቀል የተቀመጠ ሰው ይመስላል።

ሽማግሌዎቹ ሦስት ናቸው። ታላቅየው ዓይነ ስውር ነበሩ፣ በአገሩ ሁሉ የተከበሩ። መጋዘኑ ጥላ ሥር አግዳሚ ወንበር ላይ ተደረደሩ፣ ኦቦ በአንድ በኩል፣ እኔ በሌላ በኩል። ፈረንጁ ተጠራ።

"ይሄ ምስል የዚህ ልጅ ነው?" አሉት።

"አይ... አይመስለውም" አለ፣ መሬት መሬት እያየ።

እኔ ደስ አለኝ። ነገሩ እዚያ ላይ ሊያልቅ ነው። ከሽማግሌዎቹ አንዱ ነገሩን ሊያጠናክሩልኝ ብለው "እውነት ነው፣ እኔም ሳየው ጆሮው እንኳ አይመስልም" አሉ።

ፈረንጁ ቀና አለ። "ጆሮው?" አለ።

"ተወው" አልኩት።

"ጆሮውን ብቻ ሦስት ሳምንት ነው የሠራሁት" አለ። ጆሮዬን ይዞ ጎትቶ ከድንጋዩ አጠገብ አቆመኝ። "ኑ፣ እዩ። ይሄን እዩ፣ ይሄንን እዩ። የትኛው አገር ነው ጆሮ እንዲህ የሚሠራ? እሱ ነው። አፍንጫውም እሱ ነው። ግትርነቱም እሱ ነው፣ ግንባሩ ላይ አድርጌዋለሁ።"

ኦቦ ምርኩዛቸውን መሬት መቱ። "ሰማችሁ" አሉ። እኔ ያን ሰዓት ጆሮዬ በእጁ እንዳለ የቡራዩ ወፍጮ ሲጮህ ይሰማኝ ነበር።

ዓይነ ስውሩ ሽማግሌ ግን ወደ ድንጋዩ አድርሱኝ አሉ። ከግንባሩ ጀምረው በጣታቸው ጫፍ ወረዱ። አፍንጫው ላይ ሲደርሱ ፈገግ አሉ። ከዚያ ወደ እኔ መጥተው እንደዚያው ዳሰሱኝ። ደጋግመው፣ አንዴ ድንጋዩን፣ አንዴ እኔን። እጃቸው ቀዝቃዛ ስለነበር መጨረሻ ላይ የትኛውን እንደያዙ እሳቸውም የጠፋቸው ይመስለኛል።

"እሱ ነው" አሉ ተመልሰው ሲቀመጡ። "ድንጋዩ ትንሽ ይሻላል፣ ላብ የለውም። ግን እሱ ነው። ስለዚህ ኦቦ የተናገሩት ልክ ነው፣ መቃብር ቆሟል፣ ለቅሶም ተለቅሷል።" ቆም አሉ። "እንግዲህ ከሰው ሞት የቀረው ምንድን ነው?"

ራሳቸው መለሱት።

"ተዝካሩ ነዋ" አሉ። "ልጅ የሌለው ሽማግሌ ማን ያወጣልኛል ብሎ የቁም ተዝካር ያወጣ የለም? ይሄም ያውጣ። መቃብር ቆሞ፣ ለቅሶ ተለቅሶ፣ ተዝካር ከተበላ ይሄ ሰው መሞቱን ጨርሷል። ሞት ቢመጣ ምን ይሠራል? ሁሉም ነገር ተደርጎ ያገኘዋል።"

ኦቦ በምርኩዛቸው መሬቱን እየጫሩ አሰቡ። "ተዝካሩ ደህና ከሆነ" አሉ በመጨረሻ። "የይስሙላ ከሆነ ግን አልቀበልም።"

የነፍስ አባቴ መጀመሪያ አሻፈረኝ አሉ። ለሙሽራ ተዝካር ሲወጣ ሰምቼ አላውቅም አሉ። የሚከለክል ቃል አለ ወይ አልኳቸው። አሰቡና የሚከለክል ቃልም አልሰማሁም አሉ። እንግዲያስ አልኩ። እሳቸውም ከእኔ ጋር ከመከራከር ጸሎቱን ማድረስ ይቀላል ብለው ተስማሙ።

ለሠርጉ የተጠመቀው ጠላ ለተዝካሩ ወጣ፣ ለሠርጉ ከተገዙት ሁለት በሬዎችም አንዱ ታረደ። ቅዳሜ ተዝካር፣ እሑድ ሠርግ። ቅዳሜ ዕለት በራሴ ተዝካር ላይ ጠላ ቀጂ እኔ ነበርኩ። እያንዳንዱ እንግዳ ዋንጫውን ተቀብሎ "ነፍስ ይማር" ይለኛል፣ እኔም "አሜን" እላለሁ። ቡራዩም ሰምቶ ኖሮ ባለወፍጮው ራሱ መጣ፣ መሞቴን ሊያረጋግጥ። ሁለት ዋንጫ ሰጠሁት።

ሁሉም ግን ግራ ገብቶት ነው የተቀመጠው። ተዝካር ነው፣ ይሳቅ ይታዘን ማንም አላወቀም። ኦቦም ዋንጫቸውን ሳይነኩ አንገታቸውን ደፍተዋል። የይስሙላ ነው ሊሉ እንደሆነ ፊታቸው ላይ አየሁ።

ፈረንጁ ወደ እኔ መጣ። ቤቱን ግራ ቀኝ አየና "ሟቹ የት ነው የሚተኛው?" አለኝ።

"ምን ማለት ነው?"

"በአገሬ ሰው ሲሞት መሐል ቤት እናስተኛዋለን። ጎረቤት ይመጣል፣ ይጠጣል፣ ያጨሳል፣ ስለ ሟቹ ያወራል። ጥሩውንም መጥፎውንም። ካልተሳቀበት በደንብ አልተሸኘም ይባላል።"

እናቴ ሰማችና አይተኛም አለች። ፈረንጁም እሺ ብሎ ራሱ መሐል ቤት ቆመ። ዋንጫውን አነሣ።

"ይህ ሟች" አለ፣ "ሰባት ወር ቁም ብዬው አንድ ቀን ዝም ብሎ አልቆመም። እኔ አርበኞች ሠርቻለሁ። ቅዱሳን ሠርቻለሁ። አንድ ጳጳስ ሠርቻለሁ። ሁሉም ሞተው ነበር፣ ሁሉም ዝም ብለው ነበር። ይሄ ግን መሮህን እንደዚህ አትያዝ እያለ ሰባት ወር ሊያስተምረኝ ሞከረ። ክፋቱ ደግሞ ልክ ነበር።"

አንድ ሰው ከጥግ ሳቀ። አለቃችን ተነሣና ሟቹ አንድ ጊዜ ከአህያዋ ጋር ግማሽ ቀን ተከራክሮ እንደተሸነፈ ተናገረ። እናቴ በልጅነቴ የተናገርኩትን ተናገረች፣ እሱን እዚህ አልጽፈውም። ቤቱ በሳቅ ተናጋ። ቄሱም በነጠላቸው አፋቸውን ሸፈኑ።

ከዚያ ኦቦ ተነሡ።

"እኔም ስለ ሟቹ የምለው አለኝ" አሉ። "ሽማግሌ ይዞ ልጄን የጠየቀ ቀን፣ ቤቴ ገብቶ የግድግዳዬን ድንጋይ አየና ይሄ ጠማማ ነው አለኝ። በገዛ ቤቴ። ልጄን ሊጠይቅ መጥቶ። ይሄን ነገር ዓመት ሙሉ ሆዴ ውስጥ ይዤው ነበር። በሕይወት ላለ አማች እንዲህ አይባልም፣ ነውር ነው። ለሟች ግን ይባላል።" ዋንጫቸውን አንሥተው ጨለጡት። "ይኸው ወጣልኝ። ነፍስ ይማር። ነገ በጊዜ ይምጣ።"

ድንጋዩ ግን እውነትም ጠማማ ነበር። ያን ሰዓት አላልኩም። ለመጀመሪያ ጊዜ ዝም አልኩ።

እሑድ አገባሁ። ፈረንጁ ሦስተኛ ሚዜዬ ነበር፣ ጭፈራው ላይ ግን እግሩ ከአማርኛው አይሻልም። ሰኞ የጭነት መኪናው መጣ። ምስሉን በገለባ ጠቅልለን በገመድ አሥረን ጫንነው። አዲስ አበባ፣ ከዚያ በባቡር ጅቡቲ፣ ከዚያ በመርከብ። መኪናው ሲነሣ ኦቦ ከኋላው በእግራቸው ተከተሉ። እኔም ተከተልኳቸው። ጭነቱ ከባድ ስለሆነ መኪናው እየተጎተተ ነው የሚሄደው። ዳገቱን አልፎ ወደ አዲስ አበባ ሲወርድ ቆሙ።

"የት አገር ነው የሚቆመው?" አሉኝ።

"አየርላንድ።"

"ሞት እዚያ ሲፈልግህ ይክረም" አሉና ወደ ቤታቸው ዞሩ። ቤታቸው ስንደርስ በገዛ ፈቃዳቸው ያን የግድግዳ ድንጋይ አሳዩኝ። አውጥቼ አስተካከልኩት።

ከስንት ጊዜ በኋላ ፈረንጁ ከአገሩ ፎቶ ላከልኝ። አዳራሹ ውስጥ ቆሜ ጋዜጣው ሰድቦኛል፣ ኮሚቴው ሁለት ጊዜ ተሰብስቦብኛል፣ በመጨረሻም አንድ የከተማ መናፈሻ ውስጥ አቁመውኛል። የዚያ አገር ሰው ጠራቢ ቆሞለት አያውቅምና በበዓል ቀን የድንጋይ ሠራተኞች መጥተው አበባ ያስቀምጡልኛል ብሎ ጽፏል። ፎቶው ላይ ዝናብ እየዘነበ ነው። አንድ ሰው አዝኖልኝ ይሁን ቀልዶብኝ ባርኔጣ ደፍቶልኛል። ርግብ ደግሞ ባርኔጣው ላይ ተቀምጣለች።

ባለቤቴ ፎቶውን በመስታወት አስገጥማ ግድግዳ ላይ ሰቀለችው። ስንጨቃጨቅ ወደዚያ ታመለክተኛለች። "ያ ይሻለኝ ነበር" ትላለች። "ቢያንስ ዝናብ ሲመታውም አይከራከርም።"

የቡራዩ ሰውዬ ከሞተ ስንት ዘመኑ። ኦቦም አረፉ፣ ነፍሳቸውን ይማር፣ መቃብራቸው ላይ ድንጋዩን የጠረብኩት እኔ ነኝ፣ ቀጥ ያለ ነው። እኔ አለሁ። ልጆቼ በዚህ ዕድሜዬ ጉልበቴን ሲያመኝ ይሠጋሉ። ምን ያሠጋችኋል እላቸዋለሁ፣ ተዝካሬ እንደሆነ ተበልቷል።